ሳላይ አልነፋም ያሉት አቶ አምላኩ ሀብተማርያም

አቶ አምላኩ ሀብተማርያም ከአባታቸው ከአቶ ሀብተማርያም ወልደሰማያት እና ከእናታቸው ከወይዘሮ ወለተጻድቅ ደስታ ጥቅምት 5 ቀን 1932 ዓ.ም. በአዲስ አበባ ከተማ፣ ቀራንዮ መድኃኔዓለም ቤተክርስቲያን አጠገብ ተወለዱ። ዛሬ የሚያርፉትም ከተወለዱበት ቤት ሁለት መቶ እርምጃ በማይርቅ ቦታ ነው። አባታቸው ከሰላሌ የመጡ አናጺ ነበሩ። እሳቸው በተወለዱ በአራተኛው ዓመት ታናሽ ወንድማቸው፣ ማለትም የእኔ አባት አቶ ወንድሙ ተወለዱ። ከሁለቱ በቀር ለአያቴ ያደገላቸው ልጅ ስላልነበረ፣ ለትልቁ ልጃቸው ጠዋት ማታ የሚሉት አንድ ነገር ብቻ ነበር ይባላል፤ ወንድምህን አደራ።

ይህን የምጽፈው ሆሳዕና ወንድሙ ነኝ፤ ጋሼ አምላኩ አጎቴ ናቸው። ሳነብ ድምፄ ቢንቀጠቀጥ ከሐዘን ብቻ አይምሰላችሁ። ፈርቼ ነው። ጋሼ በሕይወት ሳሉ በቃላቸው ነግረውኝ፣ በለቅሶዬ ላይ ሳይቀር ይነበብ ብለው ያስማሉኝ ነገር አለ። የዕድራችን ሽማግሌዎች የሞተ ሰው ገመና አደባባይ አይወጣም ብለው መክረውኛል፤ አክብሮቴ እንዳለ ሆኖ አልሰማኋቸውም።

አቶ አምላኩ ትምህርታቸውን በአካባቢው በነበረ ትምህርት ቤት እስከ ስምንተኛ ክፍል ተከታተሉ። ትራምፔት የተማሩት በትምህርት ቤቱ የማርሽ ባንድ ውስጥ ነው። በ1953 ዓ.ም. ሳክስፎን ከሚጫወተው ወንድማቸው፣ በሚሲዮን ትምህርት ቤት ፒያኖ ከተማሩት ከወይዘሪት ብርቅዬ ተፈሪ እና ከኮልፌው ድራም መቺ ከአቶ ሙሐዲን ኢብራር ጋር ሆነው “የቀራንዮ አራቱ” የተባለ የጃዝ ባንድ መሠረቱ። ቅዳሜ ቅዳሜ በሆቴል ይጫወታሉ፤ በሠርግ ይጫወታሉ። እናታቸው በመላእክት መለከት ጀምረህ በመሸታ ቤት ጨረስከው እያሉ ይቀልዱባቸው ነበር።

በ1955 ዓ.ም. ሲኒማ ቤቶች ከዋናው ፊልም በፊት የሚያሳዩት አጭር ፊልም ይፈለግ ስለነበር፣ አንድ የፎቶ ቤት ባለቤት አራቱን አሰልፎ ስምንት ደቂቃ የሚሆን ፊልም ቀረጸ። ሁለት የጃዝ ዜማ ተጫውተዋል። አቶ አምላኩ ሃያ ሦስት ዓመታቸው ነው፤ አባቴ ገና አሥራ ዘጠኝ። አባቴ የመብራቱ ጨረር ዓይኔን ወጋኝ ብለው ጥቁር መነጽር አድርገዋል። አቶ ሙሐዲን ከኋላ ድራማቸው ላይ ሆነው እየሳቁ ይመታሉ። ፊልሙ ወር ያህል ታይቶ ቀረ፤ አንዱን ቅጂ ከነቆርቆሮው አባቴ አስቀመጡት።

በ1964 ዓ.ም. ባንዱ ፈረሰ። አቶ ሙሐዲን ለአንድ ትልቅ ሠርግ ሳምንት ሲቀር ወደ ሌላ ባንድ ስለሄዱ፣ አቶ አምላኩ ተቀይመው ኩርፊያው ሳይበርድ ዓመታት አለፉ። በ1967 ዓ.ም. የኢብራር ልጅ በጅማ መንገድ በመኪና አደጋ ሞተ የሚል ወሬ መጣ። የሰማ ሁሉ ሙሐዲን ነው አለ። የሙስሊም ቀብር በዕለቱ ስለሆነ ወሬው ቀራንዮ ሲደርስ ቀብሩ አልፏል። አቶ አምላኩ በሣልስቱ እሄዳለሁ አሉ፤ ኩርፊያው አሳፈራቸው። በሳምንቱ እሄዳለሁ አሉ፤ መዘግየቱ ደግሞ አሳፈራቸው። በወሩ ቀሩ። እዚህ የቆማችሁ ሁሉ ታውቁታላችሁ፤ ለቅሶ አንዴ ካለፈህ በዚያ ደጅ ማለፍም ያስፈራል። ወይዘሪት ብርቅዬ በዓመቱ በሕመም አረፉ፤ የእሳቸውን ለቅሶ ግን ጋሼ ደርሰዋል፣ አልቅሰው ቀብረዋል።

እንግዲህ አትንኪው የተባልኩት ከዚህ ይጀምራል።

በ1970 ዓ.ም. በየካቲት ወር፣ አባቴ በሌላ ስም ተከራይተው ይኖሩበት የነበረው መርካቶ አካባቢ ያለ ቤት ተፈተሸ። አባቴ አልነበሩም። የተገኘው በሳክስፎን ሳጥን ውስጥ የታጨቀ ወረቀት ነው፤ በዚያ ዓመት ሰው የሚገደልበት ዓይነት ወረቀት። ከሳጥኑ ጎን የፊልሙ ቆርቆሮ ነበር። ፈታሾቹ የተከራዩን እውነተኛ ስም አያውቁም፤ ሳክስፎን እንደሚጫወት ብቻ ያውቃሉ። ፊልሙን አይቶ ትራምፔት የያዘውን ሰው ብቻ የለየላቸው የቀራንዮ ሰው ተገኘ። ሰውየውን ጋሼ አልነገሩኝም፤ እኔም አልጠየቅኩም።

አቶ አምላኩን ከቤታቸው ወስደው ቀበሌ አዳራሽ አስገቧቸው። ግድግዳው ላይ አቡጀዲ ተወጥሯል። ፕሮጀክተሩ የተማሪ ዴስክ ላይ ተቀምጧል፤ የድምፁ ክፍል ተበላሽቶ ስለነበር የሚሰማው የመንኮራኩሩ ጩኸት ብቻ ነው። ካድሬው ሽጉጡን ጠረጴዛው ላይ አድርጎ መቀመጫ ሰጣቸው። በአክብሮት ነበር ያናገረኝ አሉ ጋሼ፤ አክብሮቱ ከሽጉጡ ይልቅ አስፈራኝ አሉ። መብራት ጠፋ፤ የአሥራ ዘጠኝ ዓመቱ ወንድማቸው ድምፅ ሳያወጣ እየተጫወተ ግድግዳው ላይ ቆመ።

ካድሬው ፊልሙን እያስቆመ አንድ በአንድ ማን እንደሆነ ጠየቃቸው። ፒያኖ ላይ ያለችውን ሴት ስም ተናገሩ፤ ሞታለች፣ ማንም አይነካትም። ራሳቸውን አሳዩ። ሳክስፎኑ ጋ ሲደርስ መነጽሩ አስቸገረኝ፣ እንደገና ይታይ አሉ። ታየ። አሁንም አልለየሁትም፣ ይደገም አሉ። ሱሪያቸውን በእጃቸው ጨምድደው ይዘው ነበር። ወንድም እንዳላቸው ማንም አልጠየቃቸውም። በሦስተኛው ላይ የሞተ ሰው አይታሰርም የሚል ሐሳብ መጣላቸው።

“ሙሐዲን ኢብራር ይባላል” አሉ። “ሞቷል።”

የት ይኖር ነበር ሲባሉ ኮልፌ አጣና ተራ ብለው ቤቱን ሳይቀር ነገሩ። ከኋላ ድራም የሚመታውስ ሲባሉ፣ ለአንድ ቀን በኪራይ ያመጣነው ነው፣ ስሙን አላውቅም አሉ። ተጻፈ። ፈረሙ። አመስግነው ሸኟቸው። ከአዳራሹ ሲወጡ የወንድሜን ነፍስ አተረፍኩ ብለው እግዚአብሔርን አመሰገኑ፤ መድኃኔዓለም ደጅም ገብተው ተሳለሙ። ይህንን ሲነግሩኝ ፊታቸውን በጋቢያቸው ሸፈኑ።

በአምስተኛው ቀን ለአጥር የሚሆን አጣና ሊገዙ አጣና ተራ ወረዱ። ሻጭዋ ጉዲቱ የምትባል፣ ባንዱንም የምታውቅ ሴት ነበረች። ዓይኗ ቀልቷል። ያን ድራም መቺውን ሙሐዲንን ከምሳ ላይ አንስተው ወሰዱት፤ ሞቷል ተብሎ በሕይወት የተገኘ፣ ተደብቆ የኖረ ነው እያሉ በሰደፍ መቱት፤ ሚስቱና የአራት ዓመት ልጁ እያዩ አለቻቸው። አቶ አምላኩ ሙሐዲን ሞቶ የለም ወይ አሉ። ሴትየዋ ትክ ብላ አየቻቸው።

“የሞተው ታላቅየው ነው። ለቅሶ አልደረስክም እንዴ?”

ጋሼ በሰማንያ አራት ዓመታቸው ይህን ዓረፍተ ነገር ሲነግሩኝ የሴትየዋን ድምፅ ሳይቀር አስመስለው ነበር። አርባ ስድስት ዓመት ሙሉ ጆሯቸው ላይ ቆይቷል።

ውሸታቸው አቶ ሙሐዲንን ሁለት ጊዜ ጎዳቸው። ስማቸውን ሳክስፎኑ ላይ ለጠፈ፤ ሞተዋል መባሉ ደግሞ የተደበቁ አስመሰላቸው። አቶ አምላኩ ሄደው ስህተቱን ለመናገር ሁለት ጊዜ ከቤት ወጡ። ሁለቱንም ጊዜ ቀበሌው በር ድረስ ደረሱ። ሙሐዲን አይደለም ካሉ ታዲያ ማነው መባሉ አይቀርም፤ ማነው ለተባለው ያላቸው መልስ አንድ ብቻ ነው። ሁለቱንም ጊዜ ተመለሱ። አቶ ሙሐዲን ኢብራር አልተመለሱም። አስከሬናቸውም አልተገኘም፤ ስለዚህ እስከ ዛሬ ለቅሶ የተቀመጠላቸው የለም።

አባቴ ጎጃም ዘመድ ቤት ተደብቀው ከርመው በ1972 ዓ.ም. ተመለሱ። አግብተው በ1974 ዓ.ም. እኔን ወለዱ። ይህን ቁጥር አስቡልኝ። የኔ የልደት ቀን ከዚያ አዳራሽ በኋላ ነው። አባቴ በ1998 ዓ.ም. እስኪያርፉ ድረስ በማን ስም እንደተረፉ አላወቁም። ጋሼ አልነገሯቸውም፤ ብነግረው ሄዶ እጁን ይሰጥ ነበር አሉኝ። እኔ አሁን አውቄያለሁ፤ ካወቅሁ ወዲህ ሌሊት ደህና እንቅልፍ ወስዶኝ አያውቅም።

አቶ አምላኩ በዚያው በ1970 ዓ.ም. ትራምፔታቸውን ሸጡ። በአንድ ጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ በዕቃ ግምጃ ቤት ሠራተኛነት ተቀጥረው በ1987 ዓ.ም. በጡረታ እስኪሰናበቱ አገለገሉ። በ1972 ዓ.ም. ከወይዘሮ ዘመነች አሰፋ ጋር በሥርዓተ ተክሊል ጋብቻቸውን ፈጽመው ሁለት ልጆች አፍርተዋል።

ብዙዎቻችሁ የምታውቋቸው በዕድሩ ጥሩምባ ነው። በ1973 ዓ.ም. የዕድሩ ጥሩምባ ነፊ ሲያርፉ ተተኪ ጠፋ፤ ጋሼ ሳይጠየቁ ተነሡ። ከዚያ ቀን ጀምሮ ሠላሳ ስድስት ዓመት ሙሉ ጎህ ሲቀድ ከቀራንዮ እስከ አጣና ተራ መግቢያ እየዞሩ ማን እንዳረፈ ለሰው ሁሉ አስታወቁ። አጣና ተራ መግቢያ ሲደርሱ ግን ይመለሳሉ። ሥራቸው አንድ ሕግ ነበረው። ሰው ሞተ ብሎ የዕድሩ ሊቀመንበር ቢመጣ፣ የሟች ልጅ እያለቀሰ ቢመጣ፣ “ሳላይ አልነፋም” ይላሉ። ጋቢያቸውን ደርበው ይሄዳሉ፣ የሟቹን ፊት ያያሉ፣ ስሙን ከነአባቱ ከቤተሰቡ አፍ ይሰማሉ፣ ከዚያ ይነፋሉ። ሰፈሩ ጋሽ አምላኩ ካልፈረመ ሞት አይጸድቅም እያለ ይስቅባቸው ነበር። እኛም እንስቅ ነበር። ለቅሶ ያልደረሱበት ቤት፣ ክርስቲያን ይሁን ሙስሊም፣ በዚህ ሰፈር የለም፤ ዛሬ ግቢው የጠበበንም ለዚህ ነው። ደግ ሰው ናቸው ትላላችሁ። ደግም ነበሩ። ከደግነቱ በፊት ግን ፍርሃት ነበር፤ እሳቸው እንዲህ በይ ብለውኛል።

ሌላም የማይገባን ነገር ነበራቸው። በሠርግ ቤት አልበም ተዘርግቶ ይሄ ማነው ሲባሉ ብድግ ብለው ይወጣሉ። የራሳቸውን ልጅ ፎቶ እንኳ በስም አይጠሩም። መነጽር ያደረገ ሰው በር ላይ ሲቆም የያዙትን ብርጭቆ አስቀምጠው ወደ ጓዳ ይገባሉ። እትዬ ዘመነች እንደነገሩኝ፣ በዓመት አንድ ሁለት ጊዜ ሸክ ብለው ለብሰው ወደ አጣና ተራ ይወርዱና ሰዓት ሳይሞላ ላብ አጥምቋቸው ይመለሱ ነበር። እትዬ አንብቢው ያሉኝ ከሽማግሌዎቹ ፊት ነው፤ “እኔ እኮ አርባ ዓመት ሙሉ እዚያ ሴት ያለችው ይመስለኝ ነበር” ብለው አለቀሱ። አርባ ዓመት ያቃጠላቸው ቅናት በከንቱ ነበር።

በ1983 ዓ.ም. መንግሥት ሲለወጥ የዕድሩን የድንኳን ብረት ከቀበሌ መጋዘን ሊያወጡ ገብተው፣ ከብረቱ ሥር ያንን የፊልም ቆርቆሮ አገኙት። ቤታቸው ወስደው ቁምሳጥን ላይ ሰቀሉት፤ አንድ ቀን አልከፈቱትም። ፊልሙ እያረጀ ሲሄድ ቤቱ ሆምጣጤ ሆምጣጤ ይሸት ጀመር። ልጆቻቸው ሽታው የአባታቸው ነው ብለው አደጉ።

በ2015 ዓ.ም. ልጃቸው ሜሪ አባቷን ደስ ላሰኝ ብላ፣ ሳትነግራቸው ፊልሙን ወስዳ ወደ ኮምፒውተር አስገለበጠችው። ዓለም ባንክ ሰፈር ባለው ቤቷ ምሳ ጠርታን በትልቁ ቴሌቪዥን ከፈተችው። ድምፁ ነበረው። በቀበሌው አዳራሽ ያልተሰማው ድራም ቤቱን ሞላው። ጋሼ ወንበራቸው ላይ ሳሉ ሽንታቸው አመለጣቸው። ሰውን ለማሳፈር ብዬ አልጽፈውም፤ ፍርሃቱ ምን ያህል እንደነበረ በሌላ መንገድ ልናገረው ስላልቻልኩ ነው። እኛ እርጅና መሰለን። ሜሪ ፊልሙን ኢንተርኔት ላይም ለቅቃው ነበርና፣ በሳምንቱ ከሥሩ አንድ ጽሑፍ መጣ። “ድራም የሚመታው አባቴ ነው። ሲንቀሳቀስ ሳየው የመጀመሪያዬ ነው” ይላል። የጻፈችው ሰዓድ ሙሐዲን ናት። ያን ጊዜ አራት ዓመቷ የነበረችው ልጅ ማለት ናት፤ አሁንም አጣና ተራ ትኖራለች። ሜሪ ደስ ብሏት ለአባቷ አነበበችላቸው። ከዚያ ቀን በኋላ ምግብ እንደ ልብ አልበሉም።

በ2016 ዓ.ም. በጾመ ፍልሰታ ጠርተው ሁሉን ነገሩኝ። ከልጆቻቸው ይልቅ ለምን እኔን እንደመረጡ አልጠፋኝም፤ ሒሳቡ የሚመለከተው እኔን ነው። ከእኔ ጋር ሆነው ሰዓድ ቤት ለመሄድ ሁለት ጊዜ ተነሥተን ሁለት ጊዜ ከአጣና ተራ መግቢያ ተመልሰናል። በሁለተኛው ጊዜ ክንዴን ይዘው፣ ጥርሳቸው እየተንገጫገጨ፣ ትንሽ ትንሽ ሲራመዱ ቆይተው ቆሙ። በጋሽ አምላኩ ፈረድኩባቸው። ዛሬ ይህን ወረቀት ይዤ ስቆም እግሬ እንዴት እንደሚከብድ አውቄያለሁ።

አቶ አምላኩ በደም ግፊት ሕመም በሕክምና ሲረዱ ቆይተው፣ ማክሰኞ ግንቦት 12 ቀን 2017 ዓ.ም. ንጋት ላይ በተወለዱ በ85 ዓመታቸው አረፉ። ያን ጠዋት ጥሩምባ አልተነፋም፤ መርዶው የተነገረው በስልክ መልእክት ነው። እኔ ግን ሄጄ ፊታቸውን አይቻለሁ። አፋቸው ትንሽ ተከፍቶ ነበር።

ከቀትር በኋላ ብቻዬን አጣና ተራ ወረድኩ። ይህን ጽሑፍ ሳታውቀው በሕዝብ ፊት ማንበብ ሁለተኛ ወንጀል መስሎ ስለታየኝ ነው። ሰዓድ በሩን ራሷ ከፈተች። ሃምሳ አልፏታል፤ ሳቋ ባይኖርም ፊቷ ከፊልሙ ላይ ካለው ፊት ጋር አንድ ነው። ማንነቴን ተናግሬ፣ በሩ ላይ እንደቆምኩ ወረቀቱን ከመጀመሪያ እስከ ጋሼ ዕረፍት ድረስ አነበብኩላት። ግቢ አላለችኝም። ሳነብ አላቋረጠችኝም። ስጨርስ ልትመታኝ ይሆናል ብዬ ሰጋሁ፤ ብትመታኝም አልሸሽም ነበር። የአባትሽን ስም እንዳነብ ትፈቅጂልኛለሽ ብዬ ብጠይቃት የበሩን እጀታ ያዘች። በመጨረሻ ቤተሰቡ ለአባትሽ ለቅሶ ሊደርስ ቢመጣ ትቀበይናለሽ ወይ አልኳት።

“ለቅሶ ፈቃድ ተጠይቆበት ያውቃል?” አለችና በሩን ዘጋችው።

ቁጣ ይሁን ጥሪ አላወቅኩም። አሁንም አላውቅም። ጋሼ ሊነግሯት እየፈለጉ አርባ ሰባት ዓመት የፈሩትን በር እኔ በአንድ ቀን ላስከፍተው አልችልም። ስለዚህ ቤተሰቡ የወሰነውን አስታውቃለሁ። በአቶ አምላኩ ሣልስት ዕለት በቤታችን ድንኳን ሰው አንቀበልም። ከጠዋቱ ሦስት ሰዓት ላይ ከዕድሩ ቤት ተነሥተን በእግራችን አጣና ተራ ወርደን ለአቶ ሙሐዲን ኢብራር ለቅሶ እንደርሳለን። በሩ ካልተከፈተ ደጁ ላይ እንቀመጣለን። ለጋሼ ውለታ መመለስ የምትፈልጉ በዚያ አግኙን።

አቶ አምላኩ ሀብተማርያም ባለቤታቸውን ወይዘሮ ዘመነች አሰፋን፣ ልጆቻቸውን ሜሪ አምላኩን እና ሄኒ አምላኩን፣ የልጅ ልጃቸውን ሳያትን እና እኔን የወንድማቸውን ልጅ ትተው አልፈዋል። ያጠፉትን እግዚአብሔር ያውቃል፤ እኔ ይቅር ሊባሉ ይገባል የማለት መብት የለኝም። ነፍሳቸውን ግን ሰው ፍርሃት ወደማያውቅበት ስፍራ ያድርስልን፤ ለእኛም እግር ይስጠን።

በመጨረሻ፣ በዚህ ጽሑፍ ጀርባ ከፊልሙ የተወሰደ አንድ ፎቶ ታትሟል። ስሞቹን ከመጻፌ በፊት ፊልሙን ከሜሪ ጋር ቁጭ ብዬ፣ እንደ ጋሼ ሦስት ጊዜ አይቼዋለሁ። ከግራ ወደ ቀኝ፤ ፒያኖ፣ ወይዘሪት ብርቅዬ ተፈሪ። ትራምፔት፣ አቶ አምላኩ ሀብተማርያም። ሳክስፎን፣ መነጽር ያደረጉት፣ አባቴ አቶ ወንድሙ ሀብተማርያም።

ከኋላ ድራሙ ላይ እየሳቁ ያሉት አቶ ሙሐዲን ኢብራር ናቸው።